የትራም ትኬት ቆራጩ የውሃ ሰዓት

በእስክንድርያ ትራም ላይ ዕድሜውን ሙሉ ትኬት የቆረጠ ሰው ሳይከፍል ሊወርድ የሚያደባውን ተሳፋሪ ከዓይኑ ያውቀዋል። ሰፍወት ግን ይህን ሳያውቅ ጡረታ ወጣ። ትኬት በሚቆርጥበት ሰዓት ሁሉ አፉ ሌላ ሥራ ላይ ነበር። "ይህን የያዝከውን ብረት አየኸው?" ይለዋል አንዱን መንገደኛ። "ድሮ ይህን ፉርጎ የሚጎትተው ፈረስ ነበር እኮ። ከዚያ እንፋሎት መጣ። እንፋሎቱን ደግሞ መጀመሪያ ያሰቡት ለምን መሰለህ? ከማዕድን ጉድጓድ ውሃ ለመቅዳት!" መንገደኛው አፉን ከፍቶ ሲሰማ፣ ወይም ለማምለጥ ቀዳዳ ሲፈልግ፣ የሚወርድበት ፌርማታ ያልፈዋል። የሚያውቁት ሰዎች ሰፍወት የቆመበትን ፉርጎ ከሩቅ ሲያዩ ወደ ኋለኛው ይሮጡ ነበር።

ይህ ሁሉ ወሬ የመጣው ከመጻሕፍት ነው። በትራም ጣቢያው አጠገብ አጥሩን ተደግፈው አሮጌ መጽሐፍ የሚሸጡ ሰዎች ነበሩ፤ ሰፍወት ደመወዙን ተቀብሎ ቤቱ ሳይደርስ በፊት እነሱ ጋ ይደርሳል። የሚገዛው አንድ ዓይነት ብቻ ነው። ስለ ሰዓት፣ ስለ ጉድጓድ ውሃ መሳቢያ፣ ስለ ነፋስ ወፍጮ፣ ስለ ማተሚያ መኪና፣ ስለ ባቡር አመጣጥ የሚያወሩ፣ ሽፋናቸው ደማቅ፣ ወረቀታቸው ርካሽ፣ ሥዕላቸው የተንጋደደ ትንንሽ መጻሕፍት። ለሊቅ አልተጻፉም። ትምህርቱን አራተኛ ክፍል ላይ ትቶ አባቱን ወደብ ላይ ለመርዳት ለሄደ እንደ ሰፍወት ላለ ሰው ነው የተጻፉት። "ውድ አንባቢ ሆይ፣ እስቲ ከእኔ ጋር ወደ ባግዳድ ተሻገር" ብለው ይጀምራሉ። ሰፍወትን በሕይወቱ "ውድ" ብሎ የጠራው ሌላ ሰው አልነበረም፤ ሚስቱን ጨምሮ።

ሚስቱ ኢንሺራህ ክፉ ሴት አይደለችም። ሳቋ ከሦስተኛ ፎቅ እስከ ዓሣ ገበያው ይሰማል። ግን ልጃቸው ናድያ ተድራ አልጋዋ ሲወጣ መጻሕፍቱ ክፍሉን ወርሰው ተቀመጡ፤ ኢንሺራህ ከዚያ ወዲህ ስለ መጻሕፍቱ ስትናገር ስለ አስቸጋሪ እንግዳ እንደምትናገር ነው። "የናድያ አባት፣ እነዚህ ሰዎችህ መቼ ነው የሚሄዱት?" ትለዋለች።

ጡረታ ሲወጣ የከፋው ነገር ደመወዙ ማነሱ አልነበረም። ትራም ላይ ያለ ሰው ፌርማታው እስኪደርስ ድረስ የትም አይሄድም፤ ሻይ ቤት ያለ ሰው ግን ወንበሩን አንስቶ ይዞራል። ሰፍወት ከሰፈሩ ሻይ ቤት ገብቶ "ታውቃላችሁ?" ሲል የዳማ ተጫዋቾቹ ይበልጥ ሰሌዳቸው ላይ ያጎነብሳሉ። እሱ ደግሞ የሚመኘው አንዲት ነገር ብቻ ነበር፤ አንድ ቀን፣ አንድ ሰው፣ "ያንን መጽሐፍ አውሰኝ" እንዲለው። ማንም ብሎት አያውቅም። 

ከሻይ ቤቱ ትይዩ ሀነፊ የተባለ ሰው የተቆላ የዱባ ፍሬና ኦቾሎኒ ይሸጣል። ፍሬውን የሚሰጠው በወረቀት ጥቅልል አድርጎ ነው። ወረቀቱ የትናንት ጋዜጣም ይሁን የተማሪ ፈተና እሱ ግድ የለውም፤ የአንድ ዳኛን የሠርግ ጥሪ ሳይቀር ጨው ነስንሶበታል። ምላሱ ከሚቆላው ፍሬ ይልቅ ታቃጥላለች።

አንድ ማታ ሰፍወት እንደ ልማዱ ጀመረ። "አባቶቻችን በውሃ የሚሠራ ሰዓት ነበራቸው። ጊዜው ሲደርስ ከናስ የተሠራች ወፍ ከአፏ ኳስ ትጥላለች፣ ኳሷ ሰሐን ላይ ወድቃ ትጮሃለች። ከስምንት መቶ ዓመት በፊት!"

"አባቶቻችን ይህን ሁሉ ሠርተው ነው እንግዲህ የእኔ ሱቅ መብራት በየቀኑ የሚጠፋው?" አለ ሀነፊ ከማዶ። ሻይ ቤቱ በሳቅ ተናጋ።

"አንተ ከፍሬና ከጨው ሌላ ምን ታውቃለህ!"

"ፍሬው ይበላል፣ ወሬህ አይበላም። በወሬማ እኔም ጨረቃ ላይ ሱቅ አለኝ።"

የሰፍወት ጆሮ ቀላ። "ብሠራውስ?"

"ምኑን?"

"ሰዓቱን ነዋ! በእነዚህ እጆቼ ብሠራው?"

ሀነፊ የመቁያ ማንኪያውን አስቀመጠና እጁን በሽርጡ ጠረገ። "ሠርተኸው ከሠራልህ መጻሕፍትህን አምጥተህ ሱቄ ፊት ደርድራቸው። መደርደሪያውን እኔ አቆማለሁ። የፈለገ ይውሰድ፣ ያንብብ፣ ይመልስ። ጠባቂው እኔ ነኝ።"

ሰፍወት ከወንበሩ ተነሳ። ይህ ነገር በሕልሙም አልመጣለትም። "ካልሠራስ?" አለ ቀስ ብሎ።

"ካልሠራማ ሁሉም በሚዛን ወደ እኔ ይመጣል። አንድ በአንድ እየቀደድኩ ፍሬ እጠቀልልበታለሁ።"

የሻይ ቤቱ ባለቤት ሐጂ ባስዩኒ ዳኛ ሆነ። በረመዳን የመጀመሪያ ቀን፣ ሰፈሩ ሁሉ መንገዱ ላይ አንድ ማዕድ ዘርግቶ በሚያፈጥርበት ሰዓት፣ ሰዓቱ ከአዛኑ ጋር እኩል ከጮኸ ሰፍወት ረታ። የሰፈሩ መስጊድ ሼህ ዛህራን ውርርድ ነውር ነው ብለው ተቆጡ። ሐጂ ባስዩኒም "ውርርድ አይደለም ሼሃችን፣ ስምምነት ነው" ብሎ ሻይ ጋበዛቸው።

ሰፍወት ሥራውን የጀመረው የባሕሩ ማዕበል መንገድ ላይ በሚወጣበት በብርዱ ወራት ነው። ሁለት የዘይት ቆርቆሮ አመጣ፤ አንዱን ከላይ ሰቀለ፣ ሌላውን ከሥር አስቀመጠ። የላይኛውን በኢንሺራህ የስፌት መኪና መርፌ በሳው። ውሃው ጠብ ጠብ እያለ የታችኛውን ሲሞላ አንድ ቡሽ ይዞ ይነሳል፤ ቡሹ ከአፋፉ ሲደርስ የእንጨት ወፊቱን ከኋላዋ ይገፋታል፤ ወፊቱ ስትደፋ ከአፏ ብይ ይወድቃል። ብዩ የሚወድቀው የኢንሺራህ የመዳብ ሰሐን ላይ ነው። ወፊቱ ዳክዬ ትሁን ንስር አይለይም፣ ሰሐኑ ግን ጥሩ ይጮሃል።

"ያ ሰሐን የእናቴ ነው" አለች ኢንሺራህ።

"እናትሽ ቢኖሩ ይኮሩ ነበር።"

"እናቴ ብትኖር በሰሐኑ አናትህን ትልህ ነበር።"

ቀዳዳውን ለማስተካከል፣ የውሃውን ልክ ለማወቅ ስንት ጊዜ ተነስቶ ስንት ጊዜ ተቀመጠ! ነፋሱን ፈርቶ መስኮቱን ዘግቶ፣ ትንሿን ሬዲዮ ጆሮው ላይ ለጥፎ የፀሐይ መጥለቂያውን፣ የመግሪብን አዛን ይጠብቃል። ሬዲዮዋ "አላሁ አክበር" ስትልና ሰሐኑ ሲጮህ አንድ የሆኑ ዕለት ከደስታው ብዛት ሬዲዮዋን ጠርቅሞ ኢንሺራህን ጭፈራ ውስጥ ከተታት። ከዚያ በኋላ ቀኑ በረዘመ ቁጥር የውሃውን ልክ እያስተካከለ፣ እስከ ሙቀቱ ወር ድረስ በየማታው እንደዚያው ሆነ። አዛኑ ሲጀምር ሰሐኑ ይጮሃል፣ ሰፍወት ሬዲዮዋን ይዘጋል፣ ይጨፍራል። ከጥቂት ደቂቃ በኋላ የሼህ ዛህራን ድምፅ ከሰፈሩ ሚናራ ይመጣና ሰፍወት ራሱን ይነቀንቃል። "አይ ሼሃችን! አሁንም ዘገዩ። ምን ይደረግ፣ አርጅተዋል" ይላል በሐዘኔታ።

ረመዳን የዚያን ዓመት የገባው ሙቀቱ አናት በሚበሳበት ወር ነበር። የመጀመሪያው ቀን እንደ ዓመት ረዘመ። ወደ ማምሻው ላይ መንገዱ ላይ ማዕዱ ተዘረጋ፤ ተምሩ፣ ሞሎኺያ የሚሉት የቅጠል ወጥ፣ ሩዙ፣ ቀዩ የከርከዴ መጠጥ በበረዶ። ሰፍወት ሰዓቱን ከቀትር ሶላት በኋላ አስነስቶ ሻይ ቤቱ በር ላይ በጠረጴዛ አቆመው፤ ራሱ በነጭ ጀለቢያ ከጎኑ ቆመ። ሕዝቡ አንድ ዓይኑን ከርከዴው ላይ፣ አንዱን ወፊቱ ላይ አድርጎ ይጠብቃል። በዚህ መሐል መብራት ጠፋ። የመስጊዱ ድምፅ ማጉያ ዝም፣ የሻይ ቤቱ ቴሌቪዥን ዝም።

"አዛኑን በምን እንሰማለን ታዲያ?" አለ አንዱ።

"ሼሁ አፋቸውን ከፍተው ይጮሃሉ" አለ ሐጂ ባስዩኒ።

"የእሳቸው ድምፅ እዚህ ሳይደርስ ይራባል።"

እንዲህ ሲባባሉ ወፊቱ ተደፋች። ጭልልል! ሰሐኑ ጮኸ። ሰፍወት እጁን ወደ ሰማይ ሰቅሎ "መግሪብ!" አለ። የተራበ ሰው ምን ጠያቂ አለው? ተምሩ ወደ አፍ፣ ብርጭቆው ወደ ከንፈር ተወረወረ። "ድምፅ ማጉያው ስለሌለ ነው ያልሰማነው፣ ሼሁ አዛን ብለዋል ማለት ነው" ተባባሉ እየዋጡ። ሀነፊ ራሱ አንድ ብርጭቆ ከርከዴ በአንድ ትንፋሽ ጨልጦ "አንተ ሰውዬ፣ ገደልከኝ እኮ! መደርደሪያውን ነገ አቆማለሁ" አለ። ሰፍወት ሲያለቅስ ማንም አይቶት አያውቅም ነበር፤ ያኔ አዩት።

ከመንገዱ ጫፍ ሼህ ዛህራን ምርኩዛቸውን ይዘው ብቅ አሉ። ድምፅ ማጉያ ስለሌለ ሚናራው ላይ በእግራቸው ሊወጡ ቀደም ብለው መነሳታቸው ነው። ማዕዱ ጋ ሲደርሱ ቆሙ። ሰዉን አዩ፣ ሰሐኑን አዩ፣ የእጅ ሰዓታቸውን አዩ።

"እናንተ ሰዎች" አሉ፣ "ምን እያደረጋችሁ ነው?"

"እያፈጠርን ነዋ ሼሃችን" አለ ሐጂ ባስዩኒ፣ ጉንጩ በሩዝ ተወጥሮ።

"እኔ እኮ ገና አዛን ልል እየሄድኩ ነው!"

የሚታኘከው ሁሉ ባለበት ቀረ። አንዲት ሴት ተምሯን ከአፏ አውጥታ እጇ ላይ አየቻት፣ ጥፋቱ የተምሯ ይመስል። ሁሉም ዓይን ወደ ሰፍወት ዞረ። ሰፍወት ወፊቱን አየ።

"ኡስታዝ ሰፍወት" አሉ ሼሁ በለሆሳስ፣ "ይህን ዕቃ በምን አስተካከልከው?"

"በሬዲዮ። ከብርዱ ጀምሮ እስከ ትናንት ሞክሬዋለሁ፣ ዝንፍ ብሎ አያውቅም።"

"የየት ሬዲዮ?"

"የ... የካይሮ።"

ፀሐይ ከካይሮ ተሰናብታ እስክንድርያ ላይ እስክትጠልቅ ጥቂት ደቂቃዎች ይፈጅባታል። ይህን የማያውቅ እስክንድርያዊ የለም። የሬዲዮው ተናጋሪም አዛን ባለ ቁጥር አንዲት ዓረፍተ ነገር ይጨምራል፤ ሕዝቡ በየቀኑ ከመስማቱ ብዛት ልክ እንደ ባሕሩ ድምፅ መስማቱን የተወው ዓረፍተ ነገር። ሰፍወት ደግሞ በዚያች ሰዓት ሬዲዮውን ዘግቶ እየጨፈረ ነበር። ያቺን ዓረፍተ ነገር አሁን ከሦስተኛ ፎቅ መስኮት ኢንሺራህ እንደ ዜና አንባቢ ድምፅዋን አወፍራ ለቀቀቻት፦

"ከካይሮ ከተማ ውጭ የምትኖሩ ክቡራን የሰዓቱን ልዩነት እንድታስተውሉ!"

መጀመሪያ የሳቀው ማን እንደሆነ አልታወቀም። የተቆጣ ነበር፣ የተቆጣውም እየሳቀ ነው የተቆጣው። ሼሁ ግን ፈረዱ፤ ፀሐይ ሳትጠልቅ የበላ ሁሉ፣ ተሳስቶም ቢሆን፣ ከዒድ በኋላ የዚያን ቀን ፆም ቀዷ ማውጣት፣ በሌላ ቀን ፆሞ መተካት አለበት። ሰፈሩ በሙሉ በሰፍወት ሰበብ የአንድ ቀን ፆም ተበደረ።

በማግሥቱ ሀነፊ ውርርዱን አላነሳም። ያነሳው ሰፍወት ነው። ጋሪ ተከራይቶ፣ የናድያን ክፍል ባዶ አድርጎ፣ መጻሕፍቱን ራሱ እየገፋ ሱቁ በር ላይ አራገፋቸው።

"ተወው እንጂ፣ ቀልድ ነው" አለ ሀነፊ።

"ሰው የተናገረውን ይፈጽማል" አለ ሰፍወት፤ ዞርም አላለም። ቤቱ ሲገባ ኢንሺራህ ባዶውን ክፍል በር ላይ ቆማ አገኛት። ስንት ዓመት የተመኘችው ክፍል ነው። "ምነው ገደል ገባሁ እንዴ፣ ቤቱ አስተጋባብኝ" አለችና ሄዳ ሻይ ጣደችለት። ከዚያን ቀን ጀምሮ ሰፍወት ለሶላት የሚወጣው በጓሮው መንገድ ሆነ።

ሀነፊ ሳምንት ያህል መጻሕፍቱን አልነካቸውም። ግን ረመዳን ነው፤ ሰው ካፈጠረ በኋላ ሌሊቱን የሚገፋው ፍሬ እየፈለፈለ ነው። ጋዜጣው አለቀ። አንዱን አነሳና ቀደደ።

ጣጣው የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ፀጉር አስተካካዩ ፍሬውን ጨርሶ ጥቅልሉን ሲፈታ፣ በዚችው በእስክንድርያ በጥንት ዘመን አንድ ሰው ሳንቲም ሲጣልበት ውሃ የሚቀዳ ማሽን እንደሠራ አነበበ። ማሽኑ እንዴት ሳንቲሙን እንደሚለይ ሊነግረው ሲል ወረቀቱ አለቀ። ተመልሶ መጣ። "ሀነፊ፣ ሩብ ፍሬ። ግን የሳንቲሙ ቀጣይ ባለበት ጠቅልልልኝ።"

"የምን ሳንቲም?"

"አንተ ጠቅልል ብቻ!"

የዓሣ ነጋዴው ሚስት ዘይቱ ሲያልቅ ክሩን ራሱ የሚገፋ መብራት የሠሩ የባግዳድ ሦስት ወንድማማቾች ደርሰዋት ነበር፤ ሁለቱን ወንድማማቾች ካወቀች በኋላ ሦስተኛው ጎረቤቷ ጥቅልል ላይ ስለተገኘ ተጣሉ። ሰዎች ፍሬውን ኪሳቸው ውስጥ ገልብጠው ወረቀቱን ቆመው ማንበብ ጀመሩ። ሐጂ ባስዩኒ ጥርስ የለውም፣ ፍሬ በልቶ አያውቅም፤ እሱም መግዛት ጀመረ።

ነገሩ ሁሉ ግን የተሰባሰበው አንድ የአንዳሉስ፣ የድሮዋ እስፔን ሰው ላይ ነው። ሰውየው የወፎችን አካሄድ ሲያጠና ኖሮ፣ ከሐርና ከላባ ክንፍ ሠርቶ፣ የኮርዶባ ሕዝብ ተሰብስቦ እያየው፣ ከከፍታ ላይ ቆመ። ክንፉን ዘረጋ። ዘለለ። ይህን የያዘው ወረቀት ለልብስ ሰፊው ደርሶ ነበር፤ ቀጣዩ የት እንደገባ አልታወቀም። ልብስ ሰፊው ሱቁን ትቶ ቤት ለቤት ዞረ። "ሰውየው አየር ላይ ነው ያለው! እንዴት አድርጌ ልተኛ?" ይላል። ቁማር እስከሚመስል ድረስ ሞቷል፣ የለም ተርፏል እያለ ሰፈሩ ሁሉ ተከራከረ። ሀነፊ ያንን መጽሐፍ መቅደዱን አቆመና ማታ ማታ የቀረውን እያገላበጠ ፈለገ፤ እሱ እንኳ ለደንበኛ ነው ብሎ ነበር፣ ሚስቱ ግን ጎህ ሲቀድ መጽሐፉ ደረቱ ላይ ተከፍቶ ተኝቶ አገኘችው።

ከዒድ በኋላ ሰፈሩ የተበደረውን ፆም በአንድ ቀን በጋራ ሊከፍል ተስማማ። ማዕዱ እንደገና መንገዱ ላይ ተዘረጋ። ሁሉም መጣ፣ ሰፍወት ብቻ ቀረ። ሀነፊ ሦስተኛ ፎቅ ድረስ እያለከለከ ወጣ።

"ውረድ" አለ በሩ ላይ።

"ሊስቁብኝ ነው?"

"መሳቁንማ ይስቁብሃል። አሁን ግን ለሌላ ነገር ነው የሚፈልጉህ። ያ የኮርዶባ ሰው ሞተ አልሞተም?"

ሰፍወት መጀመሪያ አልገባውም። "የኮርዶባ ሰው? እሱን ደግሞ የት አወቅከው?"

"ስንት ቀን ያላስተኛኝን ሰው የት አወቅከው ትለኛለህ?"

ኢንሺራህ ባሏን ከኋላው ገፋችው። "ሂድ እንጂ! ስንት ዓመት ሙሉ ለእኔ ስታወራ ጠያቂ አጣሁ ትል አልነበር?"

ሲወርድ ሰዉ ሁሉ ከኪሱ፣ ከጉያው፣ ከሻርፑ ቋጠሮ የተጨማደዱ ወረቀቶች እያወጣ ማዕዱ ላይ አኖረለት። ዘይት የጠጡ፣ ጨው የሚረግፋቸው ገጾች ነበሩ፤ አንዳንዶቹን ሴቶቹ በካውያ ተኩሰዋቸዋል። ሰፍወት እየነካ አንድ በአንድ በተራቸው አስቀመጣቸው።  የሰውየው መውረጃ ገጽ የለም። ሁሉም አንገቱን አስግጎ እሱን አየ። የዳማ ተጫዋቾቹ ሳይቀሩ ወንበራቸውን ወደ እሱ አዙረዋል። ሰፍወት በትራሙም በሻይ ቤቱም እንዲህ ያለ ዝምታ ገጥሞት አያውቅም።

"በረረ" አለ። "ብዙ በረረ። ሕዝቡ ጮኸ። ከዚያ ሊያርፍ ሲል ወደቀ።"

"ሞተ!" አለ ልብስ ሰፊው።

"አልሞተም። ወገቡን ተሰበረ፣ ግን ረጅም ዕድሜ ኖረ። በኋላ ሲያስበው ስህተቱ ገባው። ወፎቹን ሲያጠና ክንፋቸውን ብቻ አይቶ፣ ሲያርፉ በጭራቸው እንደሚያርፉ ልብ አላለም። ጭራ ረሳ።"



"ወይ ጉድ!" አለች ኢንሺራህ ከላይ፣ "ይህ ሰው ዘመድህ ነው!"

መንገዱ በሳቅ ፈረሰ። ሼህ ዛህራን ምርኩዛቸውን ይዘው እየሳቁ ወደ ሚናራው አዘገሙ። ከማንም በላይ የሳቀው ሰፍወት ነው፤ ሳቁን ሳይጨርስ ፀጉር አስተካካዩ ጎንተል አድርጎት "ኡስታዝ፣ የሳንቲሙ ማሽን ያለበትን መጽሐፍ ታውሰኛለህ?" አለው።

"የእኔ አይደለም፣ የሀነፊ ነው" አለ ሰፍወት።

 መግሪብ ደርሶ ሁሉም በልቶ ሲጠግብ፣ ሀነፊ ትኩስ ፍሬ ያለበትን ድስት አቅፎ ከሱቁ ወጣና ማደሉን ከሰፍወት ጀመረ።

"ከዛሬ ጀምሮ በወረቀት መጠቅለል የለም" አለ። "እጅህን ዘርጋ።"